ደበበ እሸቱ

ደበበ እሸቱ ኢትዮጵያዊ የመድረክና የፊልም ተዋናይ ነበር። ስሙ ከዘመናዊው የአማርኛ ቴአትር እድገት ጋር ተያይዞ ይነሣል፤ ከቃሊቲ ማረሚያ ቤት ጋርም የሚያገናኘው ታሪክ አለው።

የትወና ሕይወት፦ ከቴአትር ባለሙያዎቹ ከወጋየሁ ንጋቱና ከተስፋዬ ገሠሠ ጋር የቴአትርን ሙያ ካስከበረው ትውልድ ይመደባል። ትምህርቱን በሃንጋሪ ተከታትሏል። በ1973 እ.ኤ.አ. በወጣው፣ ጆን ጊለርሚን ባዘጋጀው «ሻፍት በአፍሪካ» ፊልም ከሪቻርድ ራውንድትሪ ጋር ተጫውቷል፤ ዋሳ የተባለውን ገጸ ባሕርይ ወክሎ ነው። ከፊሉ ኢትዮጵያ ውስጥ የተቀረጸው ይህ ፊልም ከአፍሪካ ወደ አውሮፓ ስለሚጋዙ ሠራተኞች ይተርካል። በአፍሪካ የትወና ባለሙያዎች ኅብረት አመራርም አገልግሏል።

ፖለቲካና እስር፦ ከግንቦት 1997 ዓ.ም. ምርጫ በኋላ በ1998 ዓ.ም. ከተቃዋሚው የቅንጅት ፓርቲ አመራሮች ጋር ታሰረ። ብዙዎቹ የቅንጅት እስረኞች በቃሊቲ ነበሩ፤ አመራሮቹ በሐምሌ 1999 ዓ.ም. በይቅርታ ተፈቱ። በጳጉሜን 2003 ዓ.ም. በሽብር ተጠርጥሮ ዳግም ታሰረ፤ በኋላም ተለቀቀ።

ቅርስ፦ የሌሎችን ሕይወት በመድረክ ያሳየ ባለሙያ ለራሱ እምነት በእስር ዋጋ ከፍሏል። ታሪኩ በክብር ሊጠና ይገባዋል።