ጅግጅጋ፡ የሱቅ በርና የመኪና ማቆሚያ

ከሐረር 100 ኪሎ ሜትር ያህል ወደ ምሥራቅ ርቃ በምትገኘው ጅግጅጋ፣ ወደ ድንበሯ ቶጎ ውጫሌ የሚዘልቀው አውራ ጎዳና ያልፋል፡፡ አውራ ጎዳናውን የሚሠራውና የሚጠግነው የፌዴራሉ የመንገድ መሥሪያ ቤት ሲሆን፣ የመንገዱን ዳር ሥርዓት የሚያስይዘው ግን የከተማው አስተዳደር ነው፡፡ ጣጣው የሚጀምረውም እዚህ ላይ ነው፡፡

መነሻ ሕጉ የትራፊክ መቆጣጠሪያ ደንብ ነው፡፡ በእግረኛ መንገድ፣ በማቋረጫና መግቢያ ዘግቶ ማቆም ክልክል ነው፡፡ ክልከላው ግን ባለሱቁን ከሁለት ወገን ይነካዋል፡፡ በሩ ላይ የቆመ አይሱዙ ገበያተኛን ያርቅበታል፤ አይሱዙው ካልቆመ ደግሞ ዕቃው አይራገፍም፡፡ እሱም ቢሆን ንጹሕ አይደለም፤ ሸቀጡን እስከ እግረኛው መንገድ ድረስ ሲዘረጋ፣ እግረኛው አስፋልት ላይ ወርዶ ከባጃጅ ጋር ይጋፋል፡፡ ጠቅላላ እገዳ ከማውጣት ይልቅ ዕቃ የሚራገፍበትን ሰዓት በጠዋት ወስኖ ቀኑን ለደንበኛ መተው የተሻለ ይመስላል፡፡ አዲስ አበባ ለመንገድ ዳር ማቆሚያ በማኅበር የተደራጁ ወጣቶች ክፍያ እንዲሰበስቡ ማድረጓ ይታወቃል፤ ክፍያ ያለበት ቦታ ላይ መኪናውን አቁሞ የሚውል ሰው ይቀንሳል፡፡

ውጫሌ ላይ ሌላ ነገር ይጨመራል፡፡ ኢትዮጵያ ከግራ ወደ ቀኝ መንዳት የተሸጋገረችው በ1956 ዓ.ም. ነው፡፡ ሶማሌላንድም በቀኝ ይነዳል፣ የአብዛኞቹ መኪኖች መሪ ግን በቀኝ ነው፡፡ እንዲህ ያለው መኪና ቀኙን ይዞ ሱቅ በር ላይ ሲቆም ሹፌሩ ወደ ሱቁ ይወርዳል፤ አጠገቡ የተቀመጠው ተሳፋሪ ግን በሩን የሚከፍተው ወደ መኪና መተላለፊያው ነው፡፡