ዩኒቨርሲቲን ከሶ መተው

«ይብቃህ፤ መንግሥትን ከሶ ማን አተረፈ?» የሚለው ምክር ከከሚሴ እስከ ባቲ ለማንም እንግዳ አይደለም። የተባረረ ተማሪ ወይም የተሰናበተ መምህር ዩኒቨርሲቲን ሲከስ ሽማግሌ ይገባል፤ ባለሁለት መስመር ማመልከቻ ይጻፋል፤ መዝገቡ ይዘጋል። በምን ሁኔታ እንደተዘጋ ግን የሚጠይቅ ጥቂት ነው።

የኦሮሞ ብሔረሰብ ዞን ተማሪ ደሴ ይማር ሌላ ቦታ፣ የመንግሥት ዩኒቨርሲቲ የፌዴራል ተቋም ነው። የ1987ቱ ሕገ መንግሥት በአንቀጽ 78 እና 80 የፌዴራል የበታች ፍርድ ቤቶችን ሥልጣን ለክልል ፍርድ ቤቶች በውክልና ስለሰጠ፣ ከሳሹ የግድ አዲስ አበባ ድረስ መጓዝ የለበትም። ሥነ ሥርዓቱ ግን ከሕገ መንግሥቱ በዕድሜ ይበልጣል። በ1958 ዓ.ም. የወጣው የፍትሐ ብሔር ሥነ ሥርዓት ሕግ (ከሕንድ ሕግ ብዙ የተዋሰ ነው) በአንቀጽ 278 ከሳሽ ክሱን በሙሉም ሆነ በከፊል መተው እንደሚችል ይደነግጋል። እንደገና ለመክሰስ ፍርድ ቤቱን ሳያስፈቅድ የተወ ሰው ግን ወጪ ይከፍላል፤ በዚያው ጉዳይ ዳግም ሊከስ አይችልም። «ለሽማግሌ ብዬ ነው የተውኩት» የሚለውን ቃል ሕጉ አያውቀውም።

ከሳሹ ለምን እንደሚተው መገመት አይከብድም። ክርክሩ እየተካሄደ ሳለ የትምህርት ማስረጃው በተከሳሹ መዝገብ ቤት ተቀምጧል። በ1985 ዓ.ም. ፕሮፌሰር አሥራት ወልደየስን ጨምሮ ከ40 በላይ የአዲስ አበባ ዩኒቨርሲቲ መምህራን በአንድ ጊዜ መሰናበታቸውን የሚያስታውስ ሰው፣ የተቋም ክንድ ምን ያህል እንደሚረዝም አይጠፋውም።

መተው ተከሳሹን እንደማያለዝብ ጎልቶ የታየው ደግሞ በአሜሪካ ነው። ኦዘሪን ሉሲ የተባለች ጥቁር ተማሪ ከዓመታት ሙግት በኋላ እ.ኤ.አ. በየካቲት 1956 አላባማ ዩኒቨርሲቲ ገባች። በሦስተኛው የትምህርት ቀኗ ነጮች ሁከት ሲያስነሱ ዩኒቨርሲቲው «ለደኅንነቷ» ሲል አገዳት። ጠበቆቿ፣ ከእነርሱም ተርጉድ ማርሻል፣ ኃላፊዎቹ ከሁከተኞቹ ጋር አሲረዋል ብለው አመለከቱ፤ ማስረጃ ስላጠራቸው ግን ያንን ክፍል አነሱት። ዳኛው ትመለስ ብሎ አዘዘ። የዩኒቨርሲቲው ቦርድ በዚያው ቀን ለዘለቄታው አባረራት፤ ምክንያት ያደረገውም ያንኑ የተነሳውን ውንጀላ ነበር። እ.ኤ.አ. በ1957 ያው ዳኛ መባረሯን አጸናው። የተሻረው በ1988 ነው፤ ማስተርሷን በ1992 ተቀበለች፣ ከልጇ ጋር በአንድ የምረቃ ሥነ ሥርዓት። አንድ የተነሳ አቤቱታ 32 ዓመት አስከፈላት ማለት ነው!

የእኛ ሽማግሌዎች ዕርቅ ማውረዳቸው መልካም ነው፤ እኔም ዕርቅን ከሙግት አስበልጣለሁ። ነገር ግን ሕጉ ከአንቀጽ 274 ጀምሮ ስምምነት ተጽፎ ለፍርድ ቤት እንዲቀርብና በመዝገብ እንዲሰፍር መንገድ ከፍቷል። ተማሪው በመክሰሱ ብቻ እንዳይቀጣ የሚል አንድ ዓረፍተ ነገር በዚያ ሊጻፍ ይችላል። ስምምነት ከሌለ ደግሞ ማመልከቻው ላይ «እንደገና የመክሰስ መብቴ ተጠብቆልኝ» የሚል ሐረግ ይጨመርና የዳኛው ፈቃድ ይጠየቅ።