ዜና ዘተራኪያን፣ በዐማራት የተጻፈ

የተራኪዎችንና ትረካን የመረመሩ ሊቃውንትን ዜና መጻፍ እንጀምራለን። የጀመርነው በካርቱም፣ ከአውሮፕላን ማረፊያው በስተ ምዕራብ ባለው በዐማራት ሰፈር ነው። ዓመቱን ሁሉ በፈረንጆች አቆጣጠር ጽፈናል። የዐማራትን ስም ያየ አንባቢ የአማራ ሰፈር እንዳይመስለው፤ ዒማራ በዐረብኛ ፎቅ ቤት ነው፣ ዐማራት ደግሞ ብዙው። እኛም የደረስን ዕለት ተሳስተን ዘመድ ፍለጋ ዞረናል።

በ1744 ንጉሥ ዳግማዊ ኢያሱ ከጎንደር ተነሥቶ ወደ ሰናር ዘመተ። የሰናርም ንጉሥ ባዲ አቡ ሹሉክ ሠራዊቱን አስከትቶ በዲንደር ወንዝ ገጠመው። የጎንደርም ሠራዊት ተሸነፈ። ውጊያው አንድ ነበረ፤ ወሬው ግን ከወንዙ ሳይርቅ ለሁለት ተከፈለ።

የሰናርን ዜና የጻፈው አሕመድ ቢን አልሐጅ አቡ ዐሊ ነው፤ ካቲብ አሹና ይሉታል፣ የጎተራ ጸሐፊ ማለት ነው። ሰናርን የገዛው የፉንጅ መንግሥት በ1821 ከወደቀ በኋላ በቱርኮቹ ዘመን ያገለገለ ሰው ነው። ዲንደር ላይ ሲደርስ ብዕሩ ደስ ይለዋል፤ የድሉ ዝና እስከ ኢስታንቡል ደረሰ፣ ከሒጃዝና ከሲንድ ከህንድም ሰዎች ወደ ሰናር ጎረፉ ይላል። የዲንደር ወሬ በእርሱ ዘንድ የሚያበቃው በእንግዶች መምጣት ነው። ጎንደር ላይ የቆየው ወሬ ግን ሌላ ማብቂያ አለው። ኩርዓተ ርእሱ የተባለው ሥዕል አብሮ ዘምቶ ነበርና ተማረከ፤ በ8,000 ወቄት ወርቅም ተዋጅቶ ተመለሰ ይባላል። ስኮትላንዳዊው ጄምስ ብሩስ በ1770 ጎንደር ገብቶ በ1772 በሰናር በኩል ወደ አገሩ ሲሄድ ይህን ወሬ ይዞ ሄደ። ሰናር በእንግዶቿ ጨረሰች፣ ጎንደር በሥዕሏ። ተራኪ ታሪኩን የት ላይ እንደሚያቆም ካወቅህ የማን ሰው እንደሆነ ማወቅ አያስቸግርህም።

የንጉሥ ኢያሱንና የእናቱን የእቴጌ ምንትዋብን ዜና የጻፈውም ሰው የራሱ ልማድ አለው። የደብረ ፀሐይ ቁስቋም ሕንጻ ዘንድ ሲደርስ ይረጋጋል፣ ያስፋፋል፣ ውበቱን ተናግሮ አይጠግብም፤ ሌላውን ዓመት ግን በጥቂት ቃል አልፎት ይሄዳል። በ1972 ዤራር ዤኔት የተባለ የፓሪስ ሊቅ ይህንኑ ነገር በመጽሐፍ ሠራው፤ ድርጊቱ የፈጀውን ጊዜና ትረካው የሰጠውን ስፍራ አስተያይ፣ የሚያየው ማን ነው፣ የሚናገረውስ ማን ነው ብለህ ለይ አለ። ከዚያ ሦስት ዓመት ቀደም ብሎ ቶዶሮቭ የተባለ ሌላ ሊቅ ለዚህ የትረካ ትምህርት ናራቶሎጂ የሚል ስም አውጥቶለት ነበር። ስሙ አዲስ ነው፤ ሥራውን ግን የጎንደር ጸሐፌ ትእዛዝ ከነሱ በፊት ይሠራው ነበር።

በዚያው በ1972 የካርቱም ዩኒቨርሲቲ በ1964 ያቋቋመውን የሱዳን ምርምር ክፍል የአፍሪካና የእስያ ጥናት ተቋም አደረገው፤ ዩሱፍ ፈድል ሐሰንም መራው። ከሱዳን ሊቃውንትም ሰይድ ሐሚድ ሑረይዝ ጀዐሊዮች የተባሉትን የሱዳን ሰዎች ተረት ሰብስቦ መረመረ፤ በ1977 በታተመው መጽሐፉም የአፍሪካው፣ የዐረቡና የእስልምናው ክር በአንድ ተረት ውስጥ እንዴት እንደተሸመነ አሳየ። ደራሲው ጠይብ ሳሊሕ ከዚያ በፊት በ1966 «ወደ ሰሜን የመሰደድ ወቅት» የተባለውን ልብ ወለድ አሳትሞ ነበር፤ ተራኪው ከፊቱ ሰዎች እንደተቀመጡ አድርጎ ይነግራል፣ በውስጡም ሌላ ተራኪ አለ።

ዐብዱላሂ ዐሊ ኢብራሂም ደግሞ በ1994 ሩባጣብ ስለተባሉት የሱዳን ሰዎች ጻፈ። በዚያ አገር አንደበተ ስል ሰው አንድን ነገር ሲያይ አንድ ምሳሌ ጣል ያደርጋል፤ ሰሚው ይስቃል፣ የተመሰለበት ሰው ግን ይደነግጣል፣ ቃሉ ይጎዳል ተብሎ ይታመናልና። እኛ ቡዳ ብለን ዓይኑን የምንፈራውን እነሱ በምላሱ ይፈሩታል። ተናጋሪውም «ቀልድ ነው እንጂ» እያለ ይከራከራል። ስለ ትረካ ከጻፉት ሁሉ ይህን እናስበልጣለን፤ ቃል ሰውን ይነካል አይነካም የሚለው ክርክር ጎረቤት ለጎረቤት ሲካሄድ እናያለንና።

በዐማራት ስንኖርም ቃል ሰውን ሲነካ አየን። በአንድ ምሽት መብራት ጠፍቶ ነበር። ሐቦባ፣ የቤቱ አያት፣ አልጋዋን ወደ ግቢ አስወጥታ ልጆቹን በዙሪያዋ ሰበሰበቻቸው። የቤቱ ሠራተኛ የጎጃም ልጅ ነበረች፤ ከሰሉን እያራገበች ዝንጅብል የገባበትን ጀበና ታፈላ ነበር። ሐቦባ «ሐጄትኩም ማ በጄትኩም» ብላ ጀመረች። ልጅቷ ልማድ ይዟት «የላም በረት» ብላ መለሰች፤ ልጆቹም ሳቁ። ተረቱ የፋጥና አልሰምሓ ነበር፤ ያች ቆንጆ የሽማግሌ ቆዳ ለብሳ ማንም ሳያውቃት በሰው ቤት ታገለግላለች። እዚያ ላይ ሲደርስ ማራገቢያው ቆመ።

«ሐቦባ፣ ቆዳውን መቼ ነው የምታወልቀው?» አለች።

«ያ ቢቲ፣ ልጄ፣ ታገሺ፤ ገና ነው» አለቻት። ቡናው ገነፈለ፣ ማንም አልተቆጣም።

ሊቃውንቱ ሰሚ በትረካው ውስጥ ምን ስፍራ አለው ብለው ብዙ ጽፈዋል። እኛ ያነበብነው ሁሉ ያችን ጥያቄ አላከለልንም።

ከዚህም በኋላ በኤፕሪል 15 ቀን 2023 በካርቱም ጦርነት ተነሣ፤ አውሮፕላን ማረፊያው ከመጀመሪያው ቀን ጀምሮ የጦር ሜዳ ሆነ፣ የዐማራትም ሰው ተበተነ። በሜይም በኦምዱርማን አህሊያ ዩኒቨርሲቲ የነበረው የመሐመድ ዑመር በሺር የሱዳን ጥናት ማእከል ቤተ መጻሕፍት ተቃጠለ። ከጦርነቱ ሸሽታችሁ በመተማ በኩል የተመለሳችሁ ወገኖቻችን፣ ከሐቦባዎች የሰማችሁትን ተረት መግቢያውን ሳትዘሉ በሰማችሁበት ዐረብኛ ጻፉት፤ አማርኛውን ከጎኑ አድርጉለት።