ነፍስን ለመጠበቅ የተያዘ ጠመንጃና ልኩ

ምስጋና ለአላህ የተገባ ነው፤ ሰላትና ሰላም በነቢያችን በሙሐመድ (ሰ.ዐ.ወ)፣ በቤተሰቦቻቸውና በባልደረቦቻቸው ሁሉ ላይ ይሁን።

የተከበርክ አንባቢ ሆይ! የመስጊዳችን ኮሚቴ ለዚህ መታሰቢያ መጽሔት አንድ ጽሑፍ እንዳዘጋጅ በጠየቀኝ ጊዜ ስለ ምን ልጻፍ ብዬ ብዙ አላሰብኩም። ከዒሻእ ሰላት በኋላ ጀማዓው ሲበተን አንድ ሁለት ሰው ወደ ኋላ ቀርቶ ደጋግሞ የሚጠይቀኝ ጥያቄ አለና። «ሸሃችን፣ ቤቴን ለመጠበቅ ጠመንጃ ብይዝ በሸሪዓው ይፈቀድልኛል ወይ? ሌሊት ሌባ ቢገባብኝና ብተኩስስ ምን አለብኝ?» ይሉኛል። በተለይም በጥቅምት 2014 ዓ.ም. ጦርነቱ ደሴና ኮምቦልቻ ከደረሰ ወዲህ ይህ ጥያቄ በዝቷል። ቤቱን በምን እንደሚጠብቅ ያልተጨነቀ አባወራ በወሎ ምድር አልነበረምና በጠያቂዎቹ አልፈርድም።

ለዚህ ጥያቄ በአንድ ቃል «ይፈቀዳል» ብሎ መመለስ ይቻላል። ነገር ግን በአንድ ቃል የተሰጠ መልስ ሰው ያስገድላል ብዬ እፈራለሁ። ስለዚህ ጉዳዩን ከፊቅሁም ከታሪካችንም አያይዤ ላቅርብልህ፤ ታግሠህ አንብበው።

በመጀመሪያ በቤተሰቤ የደረሰውን ልንገርህ። በግንቦት 1983 ዓ.ም. የደርግ ሠራዊት ሲበተን፣ ወታደሩ ወደ አገሩ ሲመለስ መሣሪያውን በስንቅና በመሳፈሪያ እየለወጠ ያልፍ እንደ ነበር በዕድሜ የገፉት ሁሉ ያስታውሳሉ። አጎቴም ያን ጊዜ አንድ ክላሽ ገዛ። የከብት ሌባ በዝቶ ነበርና ሐሳቡ ከብቱን ለመጠበቅ ነበር፤ በዚህም ማንም አልወቀሰውም። ከጥቂት ዓመታት በኋላ፣ እኔ ገና ደረሳ ሳለሁ፣ አንድ ሌሊት በበረቱ በኩል ኮሽታ ሰማ። ከመኝታው ተነሥቶ በሩን ገርበብ አደረገና ጥላ ወዳየበት ተኮሰ። ፋኖስ ሲበራ የወደቀው የጥንት ጎረቤቱ ሆኖ ተገኘ። ሰውዬው የጠፋችበትን ጥጃ ሊፈልግ መጥቶ ነበር፤ ጥጃዋም በእርግጥ ከአጎቴ ከብቶች ጋር ተቀላቅላ ተገኘች።

ሽማግሌዎች ገብተው ደሙ ደረቀ፣ የደም ካሣው ተከፈለ፣ የሟች ቤተሰቦችም ለአላህ ብለው ይቅር አሉ። አጎቴ በስሕተት ነፍስ ያጠፋ ሰው የሚጾመውን ሁለት ተከታታይ ወር ጾመ። ሆኖም እስከ ዕለተ ሞቱ ድረስ ከአፉ ያልጠፋች አንዲት ነገር ነበረች፤ «አንዴ ‹ማነህ?› ብል ኖሮ!» ይል ነበር።

ውድ አንባቢ፣ አጎቴ የቀረችው ያች «ማነህ?» ተራ ቃል አይደለችም፤ የፊቅህ መጀመሪያ ናት። ነቢያችን (ሰ.ዐ.ወ) በገንዘቡ ላይ ሲከላከል የተገደለ ሰው የሸሂድ ደረጃ እንዳለው አስተምረዋል፤ ይህን ሁላችንም ስለምናውቀው ቶሎ እናነሣዋለን። ዑለማኦች ግን እዚያ ላይ አላቆሙም። በአገራችን መድረሳዎች ሲቀራ የኖረው ሚንሃጅ፣ የኢማም ነወዊ (676 ዓመተ ሂጅራ የሞቱት) ኪታብ፣ ስለ አጥቂ ራሱን የቻለ ምዕራፍ አለው። የምዕራፉ ፍሬ ነገር ይህ ነው፦ አጥቂን መመለስ የሚፈቀደው በቀላሉ መንገድ ጀምሮ ነው። በንግግር ወይም ሰው በመጥራት የሚመለስን መምታት ክልክል ነው፤ በእጅ የሚመለስን በአለንጋ፣ በአለንጋ የሚመለስን በዱላ መምታት ክልክል ነው። እንዲህ እያለ ደረጃ በደረጃ ወጥቶ፣ ሌላ መንገድ ሁሉ ሲጠፋ ብቻ መግደል ላይ ይደርሳል። ሸሽቶ ማምለጥ የሚቻል ከሆነም በመዝሀቡ ዘንድ በተመረጠው አስተያየት መሸሽ ግዴታ ነው። ለገንዘብ ሲባል መከላከል ደግሞ የተፈቀደ እንጂ ግዴታ አይደለም። አጥቂው ጀርባውን ሰጥቶ ከሄደም ፈቃዱ በዚያው ያበቃል፤ ከዚያ ወዲያ ያለው ምት በቀል እንጂ መከላከል አይባልም።

እንግዲህ ይህ መሰላል ነው። የመጀመሪያው እርከን ድምፅ ነው፤ የመጨረሻው ሞት ነው። ይህን መሰላል በልብህ ይዘህ ጠመንጃ ወደ አገራችን እንዴት እንደ ገባና ምን እንዳደረገ ተከተለኝ።

ጠመንጃ በአገራችን ጦርነት ላይ ጎልቶ የታየው በ16ኛው መቶ ክፍለ ዘመን ነው። ኢማም አሕመድ ኢብን ኢብራሂም በ1521 ዓ.ም. ሽምብራ ኩሬ ላይ ድል ካደረጉ በኋላ፣ ንጉሡ የፖርቱጋልን እርዳታ ጠየቁ። በ1533 ዓ.ም. በክሪስቶቫው ዳ ጋማ የሚመሩ አራት መቶ ያህል ነፍጥ የያዙ ፖርቱጋሎች በምጽዋ በኩል መጡ። ኢማሙም በበኩላቸው ከባሕር ማዶ ከኦስማኖች በመቶ የሚቆጠሩ ጠመንጃ ተኳሾች አስመጡና በቀጣዩ ዓመት ወፍላ ላይ ድል አደረጉ፤ ዳ ጋማም ተማርኮ ተገደለ። በ1535 ዓ.ም. ግን ኢማሙ ራሳቸው ወይና ደጋ ላይ ወደቁ። የዚያ ዘመን ጠመንጃ ባሩዱ ተጨምሮ፣ እርሳሱ ተጠቅጥቆ፣ ገመዱ በእሳት ተለኩሶ የሚተኮስ ነበር። አንድ ጊዜ ለመተኮስ ብዙ ጊዜ ይፈጅ ስለነበር፣ «ማነህ?» ለማለት ይቅርና ዱዓ ለማድረግም ጊዜ ይገኝ ነበር።

ከዚያ በኋላ ጊዜው እያጠረ ሄደ። እንግሊዞች አፄ ቴዎድሮስን ለመውጋት በ1860 ዓ.ም. መቅደላ ሲወጡ ከኋላ የሚጎርሰውን ስናድርን ይዘው ነበር። ጄኔራል ናፒር ሲመለስም ለትግራዩ ካሳ ምርጫ መድፎችና ጠመንጃዎች ትቶ ሄደ፤ ካሳም አፄ ዮሐንስ ተብለው ለመንገሥ ያ መሣሪያ ረዳቸው። ቀጥሎም ውጅግራው፣ ምንሽሩ እያለ መጣ። የጥይት ፍላጎት እንዲህ በዝቶ ስለነበር በ19ኛው መቶ ክፍለ ዘመን መጨረሻ በብዙ ገበያዎች ጥይት ራሱ እንደ ገንዘብ ለመገበያያ ያገለግል ነበር። ጥይት ገንዘብ በሆነበት አገር የሰው ደም ዋጋው እንደሚወርድ አስተውል።

በዚሁ ዘመን በእኛ በወሎ ሙስሊሞች ላይ የደረሰውን አባቶቻችን ነግረውናል። በ1870 ዓ.ም. ከቦሩ ሜዳው ጉባኤ በኋላ ሙስሊሞች እምነታቸውን እንዲለውጡ ሲገደዱ፣ ከፊሉ አገሩን ጥሎ ተሰደደ፤ ከፊሉ ቀን የታዘዘውን እያደረገ ሌሊት በጓዳው ሰገደ፤ ሸኽ ጦልሓ ቢን ጃዕፈርን የመሳሰሉ ዓሊሞች ደግሞ ተከታዮቻቸውን ይዘው በመሣሪያ ተቋቋሙ። ሦስቱም ራስን የመጠበቅ መንገዶች ነበሩ፤ አንዱን መንገድ አንሥተን ሌላውን ልንንቅ አይገባንም። ዲናችን ለእኛ የደረሰው በተዋጋውም፣ በተሰደደውም፣ በጓዳው በጸናውም በኩል ነው።

አገርን ስለ መከላከል ከተነሣ ደግሞ ጠመንጃ የዋለልንን ውለታ መካድ አይገባም። በየካቲት 23 ቀን 1888 ዓ.ም. በዐድዋ ኢጣሊያ የተሸነፈችው በጀግንነት ብቻ አልነበረም፤ አፄ ምኒልክ ለዓመታት በአሥር ሺህ የሚቆጠር ጠመንጃ ስላከማቹም ነው። በ1927 ዓ.ም. በአንጻሩ ጦርነቱ ሊጀመር ሲል እንግሊዝንና ፈረንሳይን የመሰሉ መንግሥታት ለሁለቱም ወገን መሣሪያ አንሸጥም አሉ። ቃሉ እኩል ይመስላል፤ ነገር ግን ኢጣሊያ የራሷ ፋብሪካ ሲኖራት ኢትዮጵያ አልነበራትም። የሚከላከለውን ሰው እጅ አስሮ አጥቂውን መልቀቅ ፍትሕ እንዳልሆነ ያ ዘመን አስተማረን። ከ1928 እስከ 1933 ዓ.ም. በዱር በገደሉ የተዋጉት አርበኞች ብዙ ጊዜ የሚተኩሱት ከጠላት የማረኩትን ነበር።

ነገር ግን አንባቢ ሆይ፣ ጦር ሜዳና ደጃፍ አንድ አይደሉም። በጦር ሜዳ ጠላት ሰንደቅ ይዞ ይመጣል። በደጃፍህ ሌሊት የሚመጣው ግን ሌባም ሊሆን ይችላል፤ ጎረቤትም፣ ሰካራምም፣ መንገድ የጠፋው እንግዳም፣ የገዛ ልጅህም ሊሆን ይችላል። ዑለማኦች መሰላሉን ያስተማሩት አለንጋና ዱላና ሰይፍ በነበረበት ዘመን ነው። በዱላ ለመምታት መቅረብ ያስፈልጋል፤ የቀረበ ሰው ደግሞ ፊት ያያል፣ ድምፅ ይሰማል። በ1930ዎቹ መጨረሻ በሩሲያ የተሠራው ክላሽ ግን በአንድ ካዝና ሠላሳ ጥይት ይዞ በጥቂት ሰኮንድ ይጨርሳል። ከመሰላሉ ሥር ቆመህ ጣትህን ስትስበው አናቱ ላይ ትገኛለህ፤ በመካከል ያለው እርከን ሁሉ ተዘሏል። ስለዚህ ጠመንጃ የያዘ ሰው ዱላ ከያዘው ይልቅ ትዕግሥቱ ሊበዛ ይገባል እንጂ ሊያንስ አይገባም። መሣሪያው ያጠፋውን እርከን ሰውየው በልቡ መልሶ መትከል አለበት።

የአገራችን ሕግም ከዚህ የራቀ አይደለም። በ1996 ዓ.ም. የወጣው የወንጀል ሕግ በአንቀጽ 78 ላይ ራስን ወይም ሌላውን ከሕገ ወጥና ከማይቀር ጥቃት መከላከልን ይፈቅዳል፤ ነገር ግን ጥቃቱ በሌላ መንገድ ሊወገድ የማይችል መሆን አለበት፤ መከላከሉም ልኩን ማለፍ የለበትም። አንቀጽ 79 ልኩን ያለፈውን ሰው በወንጀል ተጠያቂ ያደርገዋል፤ ቅጣቱ ሊቀልለት ቢችልም። በ2012 ዓ.ም. የወጣው የጦር መሣሪያ አስተዳደርና ቁጥጥር አዋጅ ቁጥር 1177 ደግሞ ያለ ፈቃድ መሣሪያ መያዝን ይከለክላል። ስለዚህ «ለመከላከል ነው» ብሎ ከጫካ ገበያ ገዝቶ በጣራ ሥር መደበቅ በሸሪዓም በሕግም ምክንያት አይሆንም።

የወሎ አባቶችም የራሳቸው ጥበብ ነበራቸው። ደም በፈሰሰ ጊዜ አባጋሮች በሁለቱ ወገኖች መካከል ገብተው፣ ሙስሊሙንም ክርስቲያኑንም ይዘው፣ ገዳይ ወገን ካሣ እንዲከፍል፣ የሟች ወገን ቃታ እንዳይስብ ያስምሉ ነበር። ዋናው ጥረታቸው አንድ ሞት ሁለተኛ ሞት እንዳይወልድ ነበር። ያ ሽምግልና ባይኖር ኖሮ የአጎቴ አንዲት ጥይት ሁለት ቤት ትጨርስ ነበር።

እንግዲህ መልሴን ላጠቃልልህ። ነፍስህን፣ ቤተሰብህንና ክብርህን ከግፈኛ የመከላከል መብት አላህ ሰጥቶሃል፤ ማንም አይነጥቅህም። በሕግ ፈቃድ መሣሪያ የያዝክ እንደሆነ ግን እነዚህን ጠብቅ። ጥይቱን ከጠመንጃው ለይተህ፣ ሁለቱንም ከልጆች እጅ አርቀህ አስቀምጥ። ነቢያችን (ሰ.ዐ.ወ) በመስጊድና በገበያ ቀስት ይዞ የሚያልፍ ሰው ሰው እንዳይወጋ ጫፉን እንዲይዝ አዘዋል፤ በቀልድም ቢሆን መሣሪያን ወደ ወንድም መጠቆምን ከልክለዋል። ቀስትን እንዲህ ያዘዙ ነቢይ ስለ ክላሽ ምን ባሉ ነበር? በሠርግና በሐዘን ወደ ሰማይ አትተኩስ፤ የወጣ ጥይት መመለሱ አይቀርም። ከጎረቤቶችህ ጋር ተስማምታችሁ ሰፈሩን በተራ ጠብቁ፤ አንዱ ሲጮህ ሌላው የሚደርስበት ሰፈር ብዙ ጥይት አያስፈልገውም። በቁጣ ላይ ሳለህ መሣሪያህን አትንካ። በጨለማም ያላወቅኸው ጥላ ላይ አትተኩስ።

የመጀመሪያዎቹ ሙስሊሞች ወደዚህች አገር ሲሰደዱ ጦርም ሰይፍም ይዘው አልመጡም፤ የሰውን አቤቱታ ሰምቶ የሚፈርድ ንጉሥ እንዳለ ሰምተው ነው የመጡት። የመካ ሰዎች ስጦታ ይዘው አሳልፎ እንዲሰጣቸው በጠየቁት ጊዜ ነጃሺ ሳይቸኩል አስጠርቶ እነማን እንደ ሆኑ ጠየቃቸው፤ መልሳቸውንም ሰማ። በዚያች ጥያቄ ብዙ ነፍስ ዳነ።

አንተም በሌሊት ኮሽታ ብትሰማ፣ እጅህ ወደ ቃታው ከመሄዱ በፊት ድምፅህን አሰማ፤ «ማነህ?» በል። አጎቴ በቀረው ዕድሜው ሁሉ ሊገዛት ፈልጎ ያላገኛት ቃል ለአንተ ዛሬ ያለ ዋጋ ተሰጥታሃለች።

አላህ (ሱ.ወ) እጃችንን ከወንድሞቻችን ደም ይጠብቅልን፤ ለአገራችን ሰላሙን ያውርድልን፤ በግፍና በስሕተት ለሞቱት ሁሉ ቤተሰቦች ሶብሩን ይስጥልን። አሚን። ወላሁ አዕለም።