የአርሂባ ጉልት

የጅቡቲ ታሪክ ሲጻፍ ገጹን የሚሞሉት ገዢዎች፣ ወደቡና ባቡሩ ናቸው። እኛ ግን አንባቢያችንን ወደ አርሂባ፣ ቅጠሏን በራሰ ጆንያ ሸፍና ጫት ወደምትቸረችር ሴት ዘንድ ልንወስድ ወደድን። ብዙዎቻችን እርስዋን ለማማት እንቸኩላለንና።

አርሂባ ለአፋር የወደብ ኩሊዎች የተሠራ ሰፈር ነው። በማርች 19 ቀን 1967 እ.ኤ.አ. በተደረገው ሪፈረንደም ግዛቱ ከፈረንሳይ ጋር እንዲቆይ ተባለ። ነጻነት ከጠየቁት ሱማሌዎች ብዙዎቹ ተባረሩ፤ በወደቡም ሥራ በእነርሱ ቦታ አፋሮች ገቡ። ከፋፍሎ መግዛት ማለት ይኸው ነው። ከተማይቱም ገጠሬው እንዳይገባባት በሽቦ ታጥራ ነበር።

ሦስት ወር ሳይሞላ፣ በጁን 1967፣ በእስራኤልና በግብፅ ጦርነት ምክንያት የስዊዝ ቦይ ተዘጋ፤ እስከ 1975 ድረስም አልተከፈተም። ነዳጅና ውሃ ለመቅዳት ጅቡቲ ይቆሙ የነበሩ መርከቦች የአፍሪካን ደቡብ ጫፍ ዞረው ይሄዱ ጀመር። መርከብ ከሌለ ሸክም የለም፤ ሸክም ከሌለ ለቀን ሠራተኛ ምንዳ የለም። አገሩ ደረቅ ነው፤ አርሶ መብላት አይታሰብም።

ታዲያ ምጣዱ በምን ይጣድ? በጅቡቲ ጫት መቸርቸር የሴት ሥራ ነው። ባል ወደቡን ሲጠብቅ ሚስት ጉልት ትወጣለች። ቅጠሉ ከሐረርጌ ደጋ ተቆርጦ በድሬዳዋ በኩል፣ ከ1950ዎቹ ወዲህ በአውሮፕላን ጭምር፣ በየቀኑ ይገባል። ጫት ማደር አይወድም። በሰዓታት ይጠወልጋል፤ ዋጋውም አብሮት ይወድቃል። በዱቤ የወሰደችው እስር ካልተሸጠ ዕዳው የራስዋ ነው። (ጠመኔ እንጂ ንግድ የማናውቅ እኛ መምህራን በአንድ ሳምንት በከሰርን ነበር።)

የሚያስጨንቀው ግን ገዢው ነው። ገዢው ያው ኩሊው ነው! የእርስዋን ልጆች የሚያበላው ፍራንክ ከጎረቤትዋ ልጆች መሶብ የወጣ ነው። ይህን ከእኛ ይልቅ እርስዋ ታውቀዋለች፤ የራስዋም ባል ይቅማልና። እኛ አጥፍታለች ለማለት አፋችን አይደፍርም፤ ሥራው ንጹሕ ነው ለማለትም እንዲሁ። አስመጪው ግን ባለጸጋ ተብሎ ይከበራል፤ መንግሥትም ቀረጡን ይሰበስባል። ሐሜቱ ለእርስዋ ብቻ የተረፈው ስለምን ነው?

ቦዩ ተከፈተ፤ ጉልቱ ግን አልታጠፈም። በ1977 ባንዲራው ተለወጠ፤ ሽቦውም የድሮ ወሬ ሆነ። ቀትር ላይ ጫቱ ሲገባ ጆንያው ዛሬም ይርሳል።