ከፋርማሲስቱ ቀድሞ የመጣው ረዳት፦ የሃርጌሳ መድኃኒት ቤቶች ታሪክ

በበርካታ የአሜሪካ ግዛቶች አንድ ፋርማሲስት ምን ያህል የፋርማሲ ቴክኒሻኖችን፣ ማለትም መድኃኒት የሚቆጥሩ፣ የሚያሽጉና የአወሳሰድ ጽሑፍ የሚለጥፉ ረዳቶችን፣ በአንድ ጊዜ መቆጣጠር እንደሚችል በሕግ ተወስኗል። የውሳኔው መነሻ፣ የታሸገውን መድኃኒት ከሐኪሙ ማዘዣ ጋር የማመሳከሩ የመጨረሻ ሥራ የፋርማሲስቱ ኃላፊነት መሆኑና የአንድ ሰው ዓይን በጥንቃቄ የሚያየው ሥራ ልክ ያለው መሆኑ ነው። ስሌቱ ግን ፋርማሲስቱ አስቀድሞ በቦታው መገኘቱን ታሳቢ ያደርጋል፤ በሃርጌሳ የሆነው የዚህ ተቃራኒ ነበር።

ከተማዋ በ1941 (ዓመቶቹ እንደ ጎርጎርዮሳዊው አቆጣጠር ናቸው) በርበራን ተክታ የብሪታንያ ሶማሌላንድ መዲና ስትሆን፣ የሕክምናው ሸክም በጥቂት ሐኪሞችና የኢትዮጵያ አንባቢም በስሙ በሚያውቀው በድሬሰሩ ትከሻ ላይ ወድቆ ነበር። ድሬሰር ቁስል አጥቦ የሚያሽግ የሕክምና ረዳት ሲሆን፣ ሐኪሙ ያዘዘውን ፈሳሽ መድኃኒት ከትልቁ ጠርሙስ በመስፈሪያ ለክቶ በብልቃጥ የሚሰጠውም ብዙ ጊዜ እርሱው ነበር። ተቆጣጣሪው እንግዲህ ሐኪሙ እንጂ ፋርማሲስቱ አልነበረም። በሕክምና አገልግሎቱ ስማቸው ከፍ ብሎ የሚነሳው አደን ኢስማኤል የኖሩት በዚህ ዘመን ሲሆን፣ ልጃቸው ኤድና አደን በለንደን ነርስነትንና አዋላጅነትን ተምረው ተመልሰዋል።

በኢትዮጵያም የፋርማሲስት እጥረት ነበር፤ የፋርማሲ ትምህርት ቤት በአዲስ አበባ የተከፈተው በ1961 ሲሆን፣ ሙያውን በዝርዝር የሚገዛው ደንብ ቁጥር 288 በ1964 ወጣ። ከጊዜ በኋላ የጸናው ሥርዓት ለአንድ ፋርማሲስት የሚመደቡ ረዳቶችን ከመቁጠር ይልቅ ቤቱን በደረጃ የከፈለ ነበር፦ ፋርማሲውን ፋርማሲስት፣ የመድኃኒት መደብሩን ድራጊስት (በመካከለኛ ደረጃ የሠለጠነ የመድኃኒት ባለሙያ)፣ የገጠር መድኃኒት ቤቱን ደግሞ ጤና ረዳት ሊመራው ሲችል፣ ደረጃው ዝቅ ባለ ቁጥር ሊሸጥ የሚችለው መድኃኒት ዝርዝርም ያጥር ነበር። ይህ ዘዴ ባለሙያ በሌለበት አገር ባለሙያ እንዳለ ከማስመሰል ስላዳነ፣ ከቁጥር ገደቡ ይልቅ ለሁኔታው የቀረበ ነበር ማለት ይቻላል።

ሃርጌሳ ግን እንዲህ ያለውን ሥርዓት ለማደላደል ሰላም አላገኘችም። በ1980ዎቹ መባቻ የተጎሳቆለውን የከተማዋን ሆስፒታል በራሳቸው ጉልበትና ገንዘብ ለማደስ የተነሱ ወጣት ሐኪሞች፣ መምህራንና መሐንዲሶች በሶማሊያው መሪ በዚያድ ባሬ መንግሥት ታሰሩ፤ በ1988 ደግሞ ከተማዋ በዚሁ መንግሥት አውሮፕላንና መድፍ ተደብድባ አብዛኛው ክፍሏ ሲፈርስ፣ ነዋሪዋ በእግሩ ድንበር ተሻግሮ በጅጅጋ አቅራቢያ በሐርትሼክ ሰፈረ። መንግሥቱ ከወደቀበት ከ1991 በኋላ ስደተኛው ተመልሶ ፍርስራሹን ሲጠግን፣ የግል መድኃኒት ቤቶች ከማንኛውም ደንብ ቀድመው ተከፈቱ። ሻጩ ብዙ ጊዜ ያልሠለጠነ ነጋዴ ነበር፤ ገዢው ባዶ ካርቶን ይዞ አሞክሲሲሊን ሲጠይቅ፣ ሻጩ በካርቶኑ ላይ ያለውን ስም አንብቦ ተመሳሳዩን ከመደርደሪያ ያወርዳል። አሞክሲሲሊን የፔኒሲሊን ወገን ስለሆነ፣ ገዢው ፔኒሲሊን የማይስማማው ሰው መሆን አለመሆኑን መጠየቅ ግን ካርቶን ከማንበብ የተለየ ዕውቀት ይጠይቃል፤ የሰው ሕይወት ሊያልፍ የሚችለውም በዚህች ባልተጠየቀች ጥያቄ ነው።

ኤድና አደን የቆሻሻ መጣያ በነበረ ቦታ ላይ ያሠሩት ሆስፒታል በ2002 ሥራ ሲጀምር፣ ሕክምና ከመስጠት ጎን ለጎን ባለሙያ ማሠልጠንን ዋና ዓላማው አደረገ፤ በስማቸው የሚጠራው ዩኒቨርሲቲም ፋርማሲን በዲግሪ ያስተምራል። ባለሙያዎችን የሚመዘግብና ፈቃድ የሚሰጥ የጤና ሙያዎች ኮሚሽንም ተቋቁሟል። ለአንድ ፋርማሲስት ስንት ረዳት ይበቃዋል የሚለው ጥያቄ በሃርጌሳ ትርጉም ማግኘት የሚጀምረው፣ እነዚህ ተመራቂዎች ከነጋዴው ባንኮኒ ኋላ ሲቆሙና ሽያጩን የማስቆም ሥልጣን በእጃቸው ሲሆን ነው።