ያልተገፋበት ይግባኝ

ከምኖርበት ከወሰን ሆኜ ሽቅብ ሳማትር የእንጦጦ ተራራ ይታየኛል። ምኒልክ በ1870ዎቹ በዚያ ከትመው ሳለ፣ በታች ዳኛ የተረታ ባላገር «ይግባኝ» ብሎ እስከ ንጉሡ ችሎት ድረስ ይወጣ ነበር፤ ጉዳዬ ወደ በላይ ዳኛ ይግባልኝ ማለቱ ነው። ንጉሡ የመጨረሻው ዳኛም መሓሪም ስለነበሩ ፍርድና ምሕረት የሚጠየቁት በአንድ ደጅ ነበር።

ዘመናዊው ሕግ ሁለቱን ደጆች ለያያቸው። በ1954 ዓ.ም. የወጣው የወንጀል ሥነ ሥርዓት ሕግ፣ ይግባኝ ባይ በ15 ቀን ውስጥ ሐሳቡን እንዲያስታውቅ፣ የፍርዱ ግልባጭ ከደረሰው በኋላም በ30 ቀን ውስጥ ማመልከቻውን እንዲያስገባ አዘዘ። በቀጠሮው ቀን ካልቀረበ መዝገቡ ይዘጋል፤ የቀረው በራሱ ጥፋት አለመሆኑን ካስረዳ ግን ሊከፈትለት ይችላል። እንግዲህ ሕጉ ራሱ ዝምታ ሁሉ መተው እንዳልሆነ ያውቃል ማለት ነው።

ይሁን እንጂ ሕጉ ያላሰበው ሌላ ዓይነት ዝምታ አለ። ይቅርታ የሚሰጠው የመጨረሻ ፍርድ ላረፈበት ሰው ነው፤ ስለሆነም ይቅርታ የፈለገ ይግባኙን ይተዋል። ሐምሌ 9 ቀን 1999 ዓ.ም. የዕድሜ ልክ እስራት የተፈረደባቸው የቅንጅት መሪዎች ሐምሌ 13 ቀን በይቅርታ ተለቀቁ፤ ቅጣቱ ከተነገረ ገና 15 ቀን እንኳ አልሞላም ነበር። ቤተሰቦቻቸው በደስታ አነቡ፤ እኛም እሰየው አልን። ፍርዱ ግን በበላይ ፍርድ ቤት ሳይመረመር ቀረ።

ያልተመረመረ ፍርድ ደግሞ ተኝቶ ይጠብቃል። ከመሪዎቹ አንዷ የነበሩት የቀድሞዋ ዳኛ ወ/ሪት ብርቱካን ሚደቅሳ በታኅሣሥ 2001 ዓ.ም. ይቅርታው ተነሥቶባቸው እንደገና ታሰሩ፤ ያው የዕድሜ ልክ ፍርድ ተመልሶ ተጫነባቸው። የተፈቱት በመስከረም 2003 ዓ.ም. ሲሆን፣ ያኔም በይቅርታ ነበር።

በአንጻሩ ጋዜጠኛ ርዕዮት ዓለሙን እናስታውስ። በጥር 2004 ዓ.ም. የተፈረደባትን 14 ዓመት በይግባኝ ተሟገተችበት፤ የፌዴራሉ ጠቅላይ ፍርድ ቤት በዚያው ዓመት ሐምሌ ወደ 5 ዓመት አወረደው። ከወህኒ የወጣችው በሐምሌ 2007 ዓ.ም. ነው። ይግባኙ ነጻ አላወጣትም፤ ነገር ግን ከቅጣቷ የቀነሰላትን ዘጠኝ ዓመት ማንም በደብዳቤ መልሶ ሊጭንባት አይችልም ነበር።

ልዩነቱ ይህ ነው፤ ይቅርታ ሰውየውን ይፈታል፣ ይግባኝ ግን ፍርዱን ይፈትሻል። ማንንም «ለምን ይቅርታ ጠየቅህ?» ብሎ ለመውቀስ ከወህኒ ውጭ ያለነው ሞራሉ የለንም። ነገር ግን የታሪክ ጸሐፊ «ይግባኝ አልተባለበትም» የሚል መዝገብ ሲያገኝ፣ «ፍርዱን አምኖ ተቀበለ» ብሎ ከመጻፉ በፊት ያን ጊዜ የተከፈተው ደጅ የትኛው እንደነበር ይጠይቅ።

ቸር ይግጠመን።